መተማ በብሔራዊ ማንነት ጥናት

መተማ በምዕራብ ጎንደር ዞን፣ በኢትዮጵያና በሱዳን ድንበር ላይ የምትገኝ የቆላ ከተማ ናት። በይበልጥ የምትታወቀው አፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1881 ዓ.ም. ከደርቡሾች (መሐዲስቶች) ጋር ሲዋጉ የወደቁባት በመሆኗ ሲሆን፣ ከተማዋም በስማቸው መተማ ዮሐንስ ትባላለች። ስለ ብሔርተኝነት ለሚያጠኑ ግን ጦርነቱ ብቻ ሳይሆን የሚታወስበት መንገድና የድንበሩ አመጣጥም መነጋገሪያ ነው።

ጦርነቱና ትዝታው

ደርቡሾች በጥር 1880 ዓ.ም. የጎጃሙን ንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ሳር ውሃ ላይ አሸንፈው ጎንደርን አቃጠሉ። ዮሐንስ መጋቢት 1 ቀን 1881 ዓ.ም. መተማን ሲያጠቁ ሠራዊታቸው ለድል ተቃርቦ ነበር፤ ንጉሠ ነገሥቱ በጥይት ሲመቱ ግን ተበተነ። በማግስቱ አረፉ፤ ራሳቸውም ተቆርጦ ወደ ኦምዱርማን ተወሰደ።

ፈረንሳዊው ኤርነስት ረናን ከጦርነቱ 7 ዓመት ቀደም ብሎ፣ እ.ኤ.አ. በ1882 በፓሪስ ባሰማው ንግግር፣ ሕዝብን በማስተሳሰር ረገድ የጋራ ሐዘን ከጋራ ድል እንደሚበልጥ ተከራክሯል። አድዋ የድል ምሳሌ ከሆነች መተማ የሐዘን ናት። ከትግራይ የተነሡ ንጉሠ ነገሥት ጎንደርን ካቃጠለ ጦር ጋር ሲዋጉ መሞታቸው የአንድነት ምስክር ተደርጎ ይተረካል። ነገር ግን ከዘመቻው ጥቂት ወራት በፊት ጎጃም በዮሐንስ ሠራዊት ተዘርፏል፤ ከ1870 ዓ.ም. የቦሩ ሜዳ ጉባኤ በኋላም የወሎ ሙስሊሞች እንዲጠመቁ ተገደዋል። ረናን መርሳትም ሀገርን ከሚሠሩት ነገሮች አንዱ ነው ብሎ ነበር፤ ስለ መተማ የሚነገረውም ብዙ ጊዜ አንዱን አንሥቶ ሌላውን ይተዋል።

ድንበሩ

በ19ኛው መቶ ዘመን መተማ የተክሩሪዎች ገበያ ነበረች። ተክሩሪ የሚባሉት ከምዕራብ አፍሪካና ከዳርፉር አካባቢ መጥተው በመካ መንገድ ላይ የሰፈሩ ሙስሊሞች ናቸው። ሼኾቻቸው ለሱዳን ገዢዎችም ለኢትዮጵያም ይገብሩ ነበር፤ በገበያው ቡና፣ ሰምና ባሪያ ይሸጥ ነበር። ለእንዲህ ያለ ሰፈር ሰው «የየት አገር ዜጋ ነህ?» የሚለው ጥያቄ ትርጉም ያገኘው በኋላ ነው። ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክና የእንግሊዙ መልእክተኛ ጆን ሃሪንግተን የድንበር ውል ተፈራረሙ። በቀጣዩ ዓመት ሻለቃ ቻርልስ ግዊን የኢትዮጵያ ተወካይ በሌለበት መስመሩን መሬት ላይ አመለከተ፤ መተማ ወዲህ፣ ገላባት ወዲያ ቀሩ።

በኢትዮጵያ የማንነት ክርክር ጎልተው የወጡት የዋለልኝ መኮንን የ1962 ዓ.ም. ጽሑፍና የዶናልድ ሌቪን «ታላቋ ኢትዮጵያ» (እ.ኤ.አ. 1974) ናቸው። የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊነትን የገዢዎች ጭንብል ሲለው፣ ሁለተኛው የሕዝቦች ረጅም መስተጋብር ውጤት ያደርገዋል። ለድንበርተኛ ግን የፒተር ሳሊንስ ጥናት (እ.ኤ.አ. 1989) ይቀርባል። ሳሊንስ በፈረንሳይና በስፔን መካከል ስላሉ የተራራ መንደሮች ሲጽፍ፣ ሰዎች በግጦሽና በውሃ ከጎረቤት ሲጣሉ የመንግሥታቸውን ስም መጥራት እንደጀመሩ፣ ብሔራዊ ማንነትም ከዳር ወደ መሀል ሊያድግ እንደሚችል አሳይቷል። በምዕራብ ጎንደር ቆላም የሰሊጥና የማሽላ እርሻ ይዞታ ጥያቄ ከድንበሩ ጥያቄ አይለይም። ከመተማ ሰሜን ባለው በአልፋሽጋ፣ ኢትዮጵያውያን ገበሬዎች ለዓመታት ያርሱት የነበረውን መሬት የሱዳን ጦር የያዘው በ2013 ዓ.ም. ነው፤ ሱዳን የምትጠቅሰውም የግዊንን መስመር ነው።