ላሟ ምን አይታ ነው የቆመችው?

የክትባት ቀን ሁላችሁም የምታውቁት ነገር አለ። ላሚቱ ክራሹ በር ላይ ስትደርስ ቀጥ ትላለች። ከዚያ ጩኸት ነው፣ ዱላ ነው፣ ጅራት መጠምዘዝ ነው። «እልኸኛ ናት» እንላለን። ዛሬ ይህን ጉዳይ ከሥሩ የመረመረች ሴት ታሪክ ላጫውታችሁ።

ቴምፕል ግራንዲን ትባላለች። አሜሪካዊት ናት፤ የተወለደችው እ.ኤ.አ. በ1947 ነው። ኦቲዝም ስላለባት አፏን የፈታችው ዘግይታ ነው። እሷ እንደምትለው የምታስበው በቃል ሳይሆን በሥዕል ነው። በ1970ዎቹ አሪዞና በሚባል ግዛት ከብት ወደሚደልብባቸው ቦታዎች ትሄድ ነበር። እዚያም ከብቱ ይቆማል፣ ሰው ይጮኻል፤ ልክ እንደኛው። እሷ ግን ዱላ አላነሳችም። መተላለፊያው ውስጥ ራሷ ገባችና ጎንበስ ብላ በከብት ዓይን ቁመት አየች። ሰዉ የእብድ ሥራ ነው አለ።

ምን አገኘች መሰላችሁ? የተንጠለጠለ ሰንሰለት። አጥር ላይ የተሰቀለ ኮት። መሬት ላይ የተጋደመ ጥላ። የተቋጠረ ውሃ ላይ የሚያብረቀርቅ ፀሐይ። እነዚህ ሲነሱ ከብቱ ያለ ዱላ ገባ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከብት ዓይኖቿ በግራና በቀኝ ስለሆኑ ከኋላዋ ትንሽ ቦታ በቀር ዙሪያዋን ታያለች፤ ከአውሬ የምታመልጠው በዚህ ነው። ጥላና ጉድጓድ ግን ቶሎ አይለይላትም። ስለዚህ ቆማ፣ አንገቷን ደፍታ ታጣራለች። እኛ የምንደበድባት ልክ ያኔ ነው!

ይህ ከሕክምና ጋር ምን አገናኘው ትሉ ይሆናል። ተባርራ የተያዘች ላም ሰውነቷ ይግላል፣ ልቧ ይመታል፤ ለመረጋጋት ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ሊፈጅባት ይችላል። እኔ ራሴ ሥራ ስጀምር ግማሽ ሰዓት ስትሯሯጥ የቆየችን ጊደር ለክታ «ትኩሳት አላት» ብዬ አውቃለሁ። ጊደሯ ግን ደህና ነበረች። ሌላው ደግሞ ከብት አትረሳም። ዘንድሮ የተደበደበችበትን ቦታ ለከርሞ አትጠጋም። ባለቤቷም ይሰለቸውና «ክትባቱ ይቅርብኝ» ይላል፤ አባ ሰንጋና አባ ጎርባ የሚጠብቁት ይህንኑ ነው።

ግራንዲን በኋላ የዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሆናለች። ሰሜን አሜሪካ ውስጥ ወደ ቄራ ከሚገባው ከብት ግማሽ ያህሉ እሷ በነደፈችው መሣሪያ እንደሚያልፍ ይነገራል። የኛ ክራሽ ከእንጨት ነው፤ ቢሆንም ዓይኑ ያው የከብት ዓይን ነው።

በሚቀጥለው ክትባት ከብቶቻችሁን ከማስገባታችሁ በፊት ክራሹ ውስጥ ገብታችሁ ጎንበስ በሉ። አጥሩ ላይ የተሰቀለ ጋቢ ካለ አውርዱት፤ ውሻውንም ቤት ተዉት። ስትነዷት ፊቷ አትቁሙ፤ ከትከሻዋ ትንሽ ወደ ኋላ፣ በጎኗ በኩል ሁኑ፤ ወደፊት ትራመዳለች። እናንተስ ጎንበስ ስትሉ ምን እንዳያችሁ ንገሩኝ።