ከጎን የቆመው ሰው፦ ታካሺ ሺሙራ እና የድኅረ ጦርነት የጃፓን ሲኒማ

እኛ «ረዳት ተዋናይ» የምንለውን ጃፓኖች «ዋኪያኩ» ይሉታል፤ በቀጥታ ሲተረጎም «የጎን ሚና» ማለት ነው። «ዋኪ» የሚለው ቃል ኖህ በተሰኘው ጥንታዊ ቴአትራቸውም ውስጥ ይገኛል። በዚያ መድረክ ዋናው ተዋናይ ብዙውን ጊዜ ጭምብል አጥልቆ ሲመጣ፣ ዋኪው ግን ፊቱን ሳይሸፍን ይቀርባል። አብዛኛውን ጊዜ መንገደኛ መነኩሴ ሆኖ የመጣውን ሰው ማንነት ይጠይቃል፤ ከዚያም በመድረኩ ጠርዝ ተቀምጦ ያዳምጣል። ጠያቂና አድማጭ ባይኖር የባለታሪኩ ብሶት ሳይነገር በቀረ ነበር። የታካሺ ሺሙራን የሥራ ዘመን ለመረዳት «ረዳት» ከሚለው ቃል ይልቅ ይህ የጎን ሰው የተሻለ መንገድ ይመራናል።

ሺሙራ እ.ኤ.አ. በ1905 በህዮጎ አውራጃ ኢኩኖ በምትባል የማዕድን ከተማ፣ ከሳሙራይ ዘር ተወለደ። የልደት ስሙ ሾጂ ሺማዛኪ ነበር። በወጣትነቱ በኦሳካ የውሃ መሥሪያ ቤት እየሠራ በካንሳይ ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ አጠና፤ ይሁንና የቴአትር ፍቅር አሸንፎት መደበኛ ሥራውንም ትምህርቱንም ተወ። ለዓመታት ከተጓዥ የቴአትር ቡድኖች ጋር ከተንከራተተ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1934 ወደ ፊልም ገባ። በ1936 በኬንጂ ሚዞጉቺ «የኦሳካ ኤሌጂ» ውስጥ መርማሪ ፖሊስ ሆኖ ታየ።

ከአኪራ ኩሮሳዋ ጋር የተገናኘው እ.ኤ.አ. በ1943፣ በዳይሬክተሩ የመጀመሪያ ፊልም «ሳንሺሮ ሱጋታ» ነው። በዚያ ፊልም ሺሙራ በወጣቱ የጁዶ ተጋጣሚ የሚሸነፍ አንጋፋ የጁጁትሱ መምህር ነው፤ ተሸንፎም ቂም አይቋጥርም። ያኔ ዕድሜው ገና 38 ነበር። ሁለቱ ሰዎች እስከ 1980 ድረስ በ21 ፊልሞች አብረው ሠርተዋል። የኩሮሳዋ ስም ሲነሳ አብሮ የሚነሳው ዝነኛው ቶሺሮ ሚፉኔ የተሳተፈው በ16 ነው።

እ.ኤ.አ. በ1945 ጃፓን ስትሸነፍ የተሸነፈው ጦሩ ብቻ አልነበረም። ወጣቱን ወደ ጦር ሜዳ የላኩት ሽማግሌዎች፣ መምህራንና አለቆች ነበሩና የታላላቅ ቃል ክብሩን አጣ። ታዲያ ከዚህ በኋላ አንድ አዛውንት ወጣትን በምን አፉ ይመክራል? የሺሙራ ምርጥ ሚናዎች በሙሉ ለዚህ ጥያቄ የተሰጡ መልሶች ይመስሉኛል።

እ.ኤ.አ. በ1948 በወጣው «ሰካራሙ መልአክ» ውስጥ በቆሸሸ ኩሬ ዳር የሚኖር ሐኪም ነው፤ ሳንባው የታመመውን ወጣት ወሮበላ መጠጥ እንዲተው እየወተወተ ራሱ ይጠጣል። የፊልሙ ርእስ የሐኪሙ ነው፤ የተመልካቹን ዓይን የወሰደው ግን ወሮበላውን የተጫወተው ሚፉኔ ነበር። በ1949 «የባዘነው ውሻ» ውስጥ ሽጉጡን የተሰረቀ ወጣት መርማሪን የሚያግዝ አንጋፋ ፖሊስ ሆነ። ወጣቱም ሆነ የሚያድነው ወንጀለኛ ከጦር ሜዳ ሲመለሱ ስንቅና ልብሳቸውን የተዘረፉ ናቸው፤ አንዱ ሕግ አስከባሪ፣ ሌላው ነፍሰ ገዳይ ሆነ። አንጋፋው ወጣቱን ቤቱ ወስዶ የተኙ ልጆቹን ያሳየዋል።

እ.ኤ.አ. በ1950 በ«ቅሌት» የደንበኛውን ጉዳይ በጉቦ የሸጠ ጠበቃ፣ በዚያው ዓመት በ«ራሾሞን» ሌሎች ሲዋሹ እየታዘበ ራሱም ስርቆቱን የደበቀ እንጨት ቆራጭ ሆነ። በ1952 በ«መኖር» ደግሞ፣ ዋና ገጸ ባሕርይ በሆነበት በዚህ ብርቅ አጋጣሚ፣ ዕድሜውን በወረቀት ክምር መካከል ያባከነ የማዘጋጃ ቤት ሹም ነው። የጨጓራ ካንሰር እንደያዘው ሲያውቅ የቀረችውን ጊዜ ለድሃ ሰፈር ልጆች መጫወቻ ሜዳ ለማሠራት ያውላታል።

እነዚህ ሰዎች አንድ የሚያደርጋቸው ነገር አለ፤ ሁሉም ጥፋት አለባቸው፣ ሁሉም በመጨረሻ አይክዱትም። ጠበቃው ፍርድ ቤት ቆሞ ጉቦውን ይናዘዛል፤ እንጨት ቆራጩ ስድስት ልጆች እያሉት የተጣለውን ሕፃን ታቅፎ ይሄዳል። በሺሙራ ፊት ላይ የታላቅነት መብት የሚመለሰው በዕድሜ ሳይሆን ጥፋትን በማመን ነው። ይህ ፊት ጭምብል የለውም፤ እንደ ዋኪው።

እ.ኤ.አ. 1954 የሥራው ከፍታ ነበር። በሚያዝያ በወጣው «ሰባቱ ሳሙራይ» የተጠለፈ ሕፃን ለማዳን ሲል ጠጉሩን ተላጭቶ መነኩሴ የሚመስለው መሪ ካምቤይ ነው። ይህ ተዋጊ የሚኮራበት ድል የለውም፤ ዕድሜውን በተሸናፊ ወገን ነው የተዋጋው። በፊልሙ መጨረሻም ያሸነፉት ገበሬዎቹ እንጂ ሳሙራዮቹ አለመሆናቸውን ይናገራል። በኅዳር ደግሞ በኢሺሮ ሆንዳ «ጎጂራ» የቅሪተ አካል ተመራማሪው ዶክተር ያማኔ ሆኖ ቀረበ። በዚያው ዓመት መጋቢት አሜሪካ በቢኪኒ ደሴት ያፈነዳችው የሃይድሮጅን ቦምብ አመድ 23 ዓሣ አጥማጆች በነበሩባት የጃፓን ጀልባ ላይ ዘንቦ ነበር፤ ከመካከላቸው አንዱ በመስከረም ሞቷል። ስለዚህ ያማኔ የኑክሌር ሙከራው ከቀጠለ ሌላ ጎጂራ ሊመጣ እንደሚችል ሲያስጠነቅቅ፣ ተመልካቹ የሰማው ተረት አልነበረም።

ከዚያ በኋላ ሚናዎቹ እያነሱ ሄዱ። በ«ዮጂምቦ» (1961) የሳኬ ጠማቂ፣ በ«ቀይ ጢም» (1965) ለጥቂት ደቂቃ የሚታይ ሰው ሆነ፤ በሌሎች ዳይሬክተሮች ፊልሞች ግን በብዛት መሥራቱን አላቋረጠም። እ.ኤ.አ. በ1980 በ«ካጌሙሻ» ከኩሮሳዋ ጋር ለመጨረሻ ጊዜ ሠራ። ፊልሙ ለውጭ አገር ሲታጠር የእርሱ ትዕይንት ተቆርጦ ወጣ፤ የውጭው ተመልካች የቀድሞውን ካምቤይ ሳያየው ቀረ። ሺሙራ እ.ኤ.አ. የካቲት 11 ቀን 1982 በ76 ዓመቱ አረፈ።

«የባዘነው ውሻ»ን ዳግመኛ የሚያይ አንባቢ፣ ወጣቱ መርማሪ ሲናገር ዓይኑን ለአፍታ ከእርሱ ላይ አንሥቶ አጠገቡ ተቀምጦ ወደሚሰማው ሰው ይመልስ። የሺሙራ ሥራ በአብዛኛው ያለው እዚያ ነው።