ሥነ ፍጥረት በቃልና በዓይን

በአዲስ አበባ ሰሜን፣ ከእንጦጦ ተራራ ወደ ምዕራብ ዘንበል ባለው ደጋ፣ በጉለሌና በኮልፌ ቀራንዮ ክፍላተ ከተማ መካከል 705 ሄክታር የሚሆን ዱር አለ። ስፍራው ጉለሌ የእጽዋት ማዕከል ይባላል። የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደርና የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተባብረው በ2002 ዓ.ም. ገደማ ያቋቋሙት ሲሆን፣ ሥራው የሀገርን ዕፅዋት መጠበቅ፣ መመርመርና ማስተማር ነው። (ስሙ በአልፋው አ ወገንና በጸሎቱ ጸ ተጽፎ ያየ የግዕዝ ተማሪ፣ ዕፅ በዐይኑ ዐ በፀሐዩ ፀ ነው ብሎ ይከራከር ይሆናል። ክርክሩ የቀና ነው፤ ዛፉ ግን በሁለቱም ያው ዛፍ ነው።) ከሦስቱ ሥራዎች ማስተማሩ ከማዕከሉ ዕድሜ እጅግ የረዘመ ታሪክ አለው። የሀገራችን ሕፃናት የፍጥረትን ነገር በምን መንገድ እንደ ተማሩ፣ ከተማሩትም ምን ያህሉን እንዳስተዋሉ ለመናገር፣ ነገሩን ከቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት መጀመር ይገባል።

በዚያ ትምህርት ቤት ሳይንስ የሚባል ስም አልነበረም፤ ሥነ ፍጥረት የሚባል ትምህርት ግን ነበረ፤ ዛሬም አለ። መምህሩ በስድስቱ ዕለታት የተፈጠሩትን ሃያ ሁለት ፍጥረታት በየቀናቸው እየከፈለ ያስተምራል። ከማክሰኞ ሲደርስ የምድር ቡቃያ ሦስት ወገን መሆኑን ይናገራል፤ በእጅ የሚለቀሙ አትክልት፣ በማጭድ የሚታጨዱ አዝርዕት፣ በምሳር የሚቆረጡ ዕፅዋት። ይህን አከፋፈል ተራ ነገር አድርጎ የሚያልፈው ብዙ ነው። ዳሩ ግን ልብ ብሎ ለተመለከተው፣ ሕፃኑ አስቀድሞ በሚያውቀው ነገር ላይ የተመሠረተ ነው። የገበሬ ልጅ ከእናቱ ጋር ጎመን እየለቀመ፣ አባቱን ተከትሎ ስንዴ እያጨደ፣ ምሳር ተሸክሞ ወደ ዱር እየወረደ ያድጋል። መምህሩ ሦስቱን ወገኖች በስም ሲጠራለት ነገሮቹን ቀድሞ በእጁ ይዟቸዋል፤ ትምህርቱም የተበተነውን በየወገኑ መሰብሰብ ብቻ ይሆንለታል።

የመክፈያው ምክንያት በራሱ በተክሉ ባሕርይ ሳይሆን በሰው መሣሪያ መሆኑ እርግጥ ጉድለት ነው። ነገር ግን የአርስጣጣሊስ ደቀ መዝሙር የነበረው ቴዎፍራስጦስም ተክልን ዛፍ፣ ቍጥቋጦና ሣር እያለ በቁመናው ነበር የከፈለው፤ የአውሮጳ ሊቃውንትም ከሺህ ዓመት በላይ ይህንኑ ሲከተሉ ኖረዋል። የአበባን ወንዴና ሴቴ ክፍሎች እየቆጠረ የሚለይ ሥርዓት በስዊድናዊው ሊቅ በካርል ሊኔ እጅ የወጣው በፈረንጆች ዘመን አቆጣጠር በ1735 ነው።

ወደ ቅኔ ቤት ሲኬድ ደግሞ ማስተዋሉ ይጠብቃል። የቅኔ ተማሪ ጉባኤው ከተበተነ በኋላ ብቻውን ወደ ጫካ ገብቶ በዛፍ ሥር ተቀምጦ ይቆጥራል። ሰሙን የሚያገኘው ከፍጥረት ነው፤ ከንብ፣ ከበሬ፣ ከወይራ፣ ከጤዛ። ንብ ከአበባ ምን እንደምትወስድ የማያውቅ ተማሪ በንብ ሰም ሊሠራ አይችልም፤ ቢሠራም መምህሩ ያፈርስበታል። እንዲሁም ሆኖ ይህ ማስተዋል የተገታበት ድንበር ነበረው። ፍጥረት የሚታየው ለምሥጢሩ ሲባል ነበር። በአክሱም ዘመን ከጽርእ ወደ ግዕዝ የተመለሰው ፊሳልጎስ አንበሳ ግልገሎቿን ሙት አድርጋ እንደምትወልድ፣ በሦስተኛውም ቀን አባታቸው እፍ ብሎ እንደሚያስነሣቸው ይተርካል። ምሥጢሩ ለትንሣኤ ምሳሌ ነውና ተወደደ፤ ወደ አንበሳይቱ ዋሻ ሄዶ የመረመረ ግን አልተሰማም። መጽሐፉም የተጻፈው ለዚያ አይደለም።

ዘመናዊው ትምህርት ቤት ይህን ጉድለት ይሞላል ተብሎ ይጠበቅ ነበር። የዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት በ1901 ዓ.ም. ሲከፈት መምህራኑ ከግብጽ የመጡ ቅብጣውያን ነበሩ፤ ይህም የሆነው ካህናቱ ለሃይማኖት በመሥጋታቸው ነው። በ1917 ዓ.ም. የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ተከተለ። በሁለቱም ዘንድ ቀዳሚውን ስፍራ የያዘው የቋንቋ ትምህርት ነበር፤ መንግሥት አስተርጓሚና ጸሓፊ ይሻ ነበርና። የፍጥረት ዕውቀትም በፈረንሳይኛና በእንግሊዝኛ ውስጥ ተጠቅልሎ ገባ። ከጠላት ወረራ በኋላ እንግሊዝኛ ጸና። በ1950ዎቹ ዓመታት አማርኛ እስከ ስድስተኛ ክፍል ማስተማሪያ ሆነ፤ ከሰባተኛ ጀምሮ ግን እንግሊዝኛ ቀጠለ። በ1986 ዓ.ም. የወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ ደግሞ የአንደኛ ደረጃ ልጆች በየአፍ መፍቻ ቋንቋቸው እንዲማሩ ፈቀደ።

ከዚህ ሁሉ ይልቅ ነገሩን ገሃድ ያወጣው በ1997 ዓ.ም. በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የተጀመረው የቴሌቪዥን ትምህርት ነው። ትምህርቱ በደቡብ አፍሪቃ በእንግሊዝኛ ተቀርጾ በሳተላይት ይተላለፍ ነበር፤ ሕዝቡም ፕላዝማ አለው። ሥዕሉ ያማረ፣ የፈተናው ሥራ በግልጥ የሚታይ ነበር። ነገር ግን የቴሌቪዥኑ መምህር ጥያቄ አይሰማም፤ ቆም በል ቢሉት አይቆምም። በክፍሉ ያለው መምህርም በመካከል ገብቶ እንዳያስረዳ ጊዜው ያልፍበታል። ቋንቋው የከበደው ልጅ ከሥዕሉ ጥቂት፣ ከቃሉ ጥቂት እየቃረመ ይቀራል። የቅኔ መምህር አንዱ ተማሪ እስኪገባው ድረስ ያንኑ እርባ ቅምር ደግሞ ደጋግሞ ሲያወርድ ለኖረባት ሀገር ይህ እንግዳ ነገር ነበር።

ታዲያ በአማርኛ መሆኑ ብቻውን ነገሩን ያቀናዋልን? ሕዋስ የሚለውን ቃል መመልከት ይበቃል። ሕፃኑ በሰንበት ትምህርት ቤት አምስቱ ሕዋሳት ማየት፣ መስማት፣ ማሽተት፣ መቅመስና መዳሰስ መሆናቸውን ይማራል። ሰኞ ተማሪ ቤት ሲገባ ደግሞ ሰውነቱና የዛፉ ቅጠል ከማይቆጠሩ ሕዋሳት የተሠሩ መሆናቸው ይነገረዋል። በዚህኛው ቃል የሚጠራው በአጉሊ መነጽር ካልሆነ የማይታየው የአካል ታናሽ ክፍል ነው። ሁለቱ ትምህርቶች አልተጣሉም፤ አንድ ቃል ሁለት ሥራ ይዞ ነው። ይህን ልዩነት ቁጭ ብሎ የሚነግረው ከሌለ ግን ቅጠሉ ያያል ይሰማል ብሎ ቢያስብ በልጁ አይፈረድበትም።

ብርሃን አስተፃምሮ የሚለውስ? ቃሉን የሠራው ሰው ግዕዝ አዋቂ ነው፤ ፀመረ አጣመረ፣ አንድ አደረገ ማለት ነውና። ቅጠል በብርሃን ኃይል ውሃንና የአየሩን ካርቦን ዳይኦክሳይድ አጣምሮ ምግቡን መሥራቱን በሁለት ቃል ጠቅልሎታል። ሊቁ ይደሰትበታል፤ ልጁ ግን ይሸመድደዋል። ዛፍ ምግቡን ከአፈር ይበላል የሚለው አሳብ በልጁ ልብ ሳይነቀል ይቀራል፤ በፈተና ወረቀት አስተፃምሮን ጽፎ፣ ከቤቱ ሲገባ ሥሩ አፈር ይበላል ይላል። በዚህ የሚስቅ ቢኖር የብራባንቱን ቫን ሄልሞንትን ያስታውስ። ይህ ሰው ሁለት መቶ ነጥር ደረቅ አፈር መዝኖ በገንቦ ጨምሮ፣ አምስት ነጥር የምትመዝን የአኻያ ችግኝ ተክሎ፣ አምስት ዓመት ውሃ ብቻ አጠጣት። ዛፊቱ ከ160 ነጥር በላይ ስትጨምር አፈሩ የጎደለው ሁለት ወቄት ያህል ብቻ ነበር። መጽሐፉ በ1648 (በፈረንጆች) ታተመ። እርሱም ሁሉ ከውሃ ነው ብሎ ገሚሱን ሳተ፤ የብርሃንን ሥራ ኢንገንሃውስ እስኪገልጠው ድረስ ተጨማሪ 131 ዓመት አለፈ። ሊቃውንት ይህን ያህል የደከሙበትን ነገር ሕፃን በአንድ ክፍለ ጊዜ፣ ሚዛንና ችግኝ ሳያይ ይቀበለው ማለት ፍርደ ገምድልነት ነው።

የሀገሪቱ ዕፅዋት ራሳቸውም ለሀገራቸው ልጆች ርቀው ኖረዋል። ጀርመናዊው ሺምፐር ከ1837 እስከ 1878 (በፈረንጆች) በትግራይና በሰሜን ተቀምጦ፣ እጅግ ብዙ ቅጠልና አበባ እያደረቀ ወደ አውሮጳ ላከ። መንገዱን የመሩት፣ የየተክሉን ስም የነገሩት ባላገሮች ግን በስም አይታወቁም። የተላከው በላቲን ስም ተሰየመ። ላቲን መሆኑ ለቤተ ክርስቲያን ሊቅ አይደንቀውም፤ ከአፍ የወጣ ቋንቋ እንደ ግዕዝ ሁሉ በየመንደሩ አይለዋወጥምና ለስያሜ ይመቻል። የሚያሳዝነው ሌላ ነው። በበርሊን የዕፅዋት መዝገብ ቤት ከተከማቸው ብዙው በ1943 (በፈረንጆች) በጦርነቱ ቦምብ ተቃጠለ። በአራት ኪሎ ብሔራዊ የዕፅዋት መዝገብ ቤት የቆመው በ1951 ዓ.ም. ገደማ ሲሆን፣ ከ1972 ዓ.ም. ጀምሮ የኢትዮጵያና የስዊድን ሊቃውንት ሠላሳ ዓመት ያህል ደክመው የኢትዮጵያንና የኤርትራን ዕፅዋት በስምንት ጥራዝ ጽፈው ፈጸሙ። ስድስት ሺህ ያህል ዓይነት ተመዝግቧል። በመጀመሪያው ዘመን ዶክተር ተወልደ ብርሃን ገብረ እግዚአብሔር፣ በኋላም ፕሮፌሰር ሰብስቤ ደምሰው በሥራው ደክመዋል፤ ሰብስቤም የጉለሌን ማዕከል በዳይሬክተርነት መርተዋል። መጽሐፉ በእንግሊዝኛ ቢሆንም የአማርኛ፣ የኦሮምኛና የትግርኛ ስሞች የተገኙላቸው ተክሎች ስማቸው አብሮ ተጽፎላቸዋል።

የሀገር ስምና የባላገር ልማድ ለሳይንስ ምን እንደሚያተርፍ ዶክተር አክሊሉ ለማ አሳይቷል። በ1964 (በፈረንጆች) በዓድዋ የቢልሃርዝያን በሽታ ሲመረምር፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ስፍራ በታች ባለው ውሃ የሞቱ ቀንድ አውጣዎች በዝተው አየ። በሽታውን የሚያስተላልፉት እነዚያ ቀንድ አውጣዎች ናቸው። እንዶድ ያጥባል ማለትን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ አልነበረም፤ ከአጠባው በታች ዝቅ ብሎ ያየ ግን እርሱ ነው። ለዚህ ሥራ በ1989 (በፈረንጆች) ከባልደረባው ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ሽልማት ተቀብሏል።

እንዲህ ላለው አስተያየት ጉለሌ የተመቸ ስፍራ ነው። ስሙ ከከተማው መቆርቆር በፊት በዚያ ከኖሩት የኦሮሞ ጎሣዎች የአንዱ ስም ነው። ከተማው በ1879 ዓ.ም. ከተቆረቆረ በኋላ የማገዶ ዛፍ እየተመነጠረ ኮረብታው ተራቆተ። አጤ ምኒልክም በ1893 ዓ.ም. ገደማ ከእንጨት እጦት የተነሣ መናገሻቸውን ወደ አዲስ ዓለም ለማዛወር ሥራ አስጀምረው ነበር። በ1887 ዓ.ም. ገደማ የመጣው ባሕር ዛፍ ቶሎ አድጎ ከተማውን በስፍራው አጸናው፤ ከባሕር ማዶ መምጣቱንም ስሙ ይመሰክራል። ማዕከሉ ሲቋቋም ብዙው መሬት በዚሁ ዛፍ የተሸፈነ ነበር። አሁን ቀስ በቀስ በጽድ፣ በወይራ፣ በኮሶና በመሳሰሉት የሀገር ዛፎች እየተተካ ነው።

በዚያ የሚቆም ልጅ የነጩን ባሕር ዛፍ ቡቃያ ቢያይ ቅጠሉ ክብ፣ ብርማ፣ አገዳውን አቅፎ የተቀመጠ ነው። ከአጠገቡ ያለው ትልቁ ዛፍ ግን ቅጠሉ ረጅም፣ እንደ ማጭድ የጎበጠ ነው። ልጁ ሁለት ዓይነት ዛፍ ናቸው ማለቱ አይቀርም። መምህሩ ቸኩሎ ተሳስተሃል ቢለው ትምህርቱ እዚያ ያበቃል። በመካከለኛ ዕድሜ ያለውን ዛፍ ፈልግ ብሎ ቢያሰናብተው ግን፣ ሁለቱንም ቅጠል በአንድ ግንድ ላይ አግኝቶ ይመለሳል። በተጠጋጋ የባሕር ዛፍ ሥር ሣሩ ለምን እንደሚሳሳ፣ በጽድ ሥር ግን ቍጥቋጦ ለምን እንደሚበቅል መጠየቅም ይችላል።

ኮሶም አለ። አባቶች ለሆድ ትል የሴቴዋን ቀላ ያለ አበባ መርጠው ይወስዱ ነበር፤ ዛፉ ወንድና ሴት ሆኖ ለየብቻ እንደሚበቅል ለቃሚው ያውቃል። በአውሮጳ ካሜራሪዎስ ተክል ወንድና ሴት እንዳለው በሙከራ አረጋግጦ የጻፈው በ1694 (በፈረንጆች) ነው። መምህሩ የሁለቱን ዘለላ ጎን ለጎን አስቀምጦ ዘር የምታፈራው የትኛዋ ናት ብሎ ሊጠይቅ ይችላል። መልሱን ለማየት ግን ተማሪው ወራት ቆይቶ ወደዚያው ዛፍ መመለስ አለበት፤ ለአንድ ቀን ብቻ የመጣ አበባውን አይቶ ይሄዳል፤ ዘሩን አያይም።