ዘፈን በደጃፍ፥ ዘፈን በሸክላ፥ ዘፈን በስልክ



በኩልመስክ አድርጎ ወደ ላሊበላ ከተማ የሚዘልቅ መንገደኛ የላስታን ደጋ ያቋርጣል። የዚህ አገር ሰው፥ እንደ ሌላው ደገኛ ሁሉ፥ ለብዙ ዘመን ዘፈንን የሚሰማው ከሰው አፍ ብቻ ነበር። አዝማሪው መሰንቆውን ይዞ በሠርግ ቤት ይገኛል። ላሊበላ ወይም አሚና የሚባሉት አዝያሚዎች ደግሞ ጎሕ ሳይቀድ ከየደጃፉ ቆመው፥ የባለቤቱን ስም እያነሡ ያዜማሉ። እርሱም ዋጋቸውን ከእጁ ወደ እጃቸው ይሰጣል፤ እነርሱም መርቀውት ይሄዳሉ። ሰሚና አሰሚ ፊት ለፊት ስለሚተያዩ በመካከላቸው ዕዳ አያድርም።

ድምፅን ከባለድምፁ የለየው ሸክላ ነው። በኋላ ነጋድራስ የተባሉት ተሰማ እሸቴ በ1900 ዓ.ም. ገደማ የአውቶሞቢል ሥራ ለመማር ወደ ጀርመን አገር ተልከው ሳለ፥ ዘፈናቸውን በሸክላ አስቀረጹ። በአገራችንም ሸክላ ማሳተም ለብዙ ጊዜ የሀገር ፍቅር ድርሻ ሆኖ ከቆየ በኋላ፥ በ1961 ዓ.ም. አቶ አምሃ እሸቴ የራሳቸውን አሳታሚ ድርጅት አቋቋሙ። እንግዲህ የዘፋኙ ዋጋ በአሳታሚና በነጋዴ እጅ የሚያልፍ ሆነ።

ቀጥሎ የመጣው ካሴት በባትሪ ድንጋይ ስለሚሠራ መብራት ወዳልደረሰበት ገጠር ገባ። ዳሩ ግን ማንም ሰው ካሴትን ከካሴት መገልበጥ ቻለ፤ በዚያም መጠን የዘፋኙ ገቢ ጎደለ።

ዲጂታል የተባለው ጥበብ ድምፅን ወደ ቁጥር ለውጦ ያስቀምጣል። የካሴት ግልባጭ በተደጋገመ መጠን እየደከመ ይሄድ ነበር፤ የቁጥር ግልባጭ ግን ከዋናው አይለይም። ጥፍር በምታህል ሚሞሪ ካርድ ብዙ መቶ ዘፈን ከስልክ ወደ ስልክ ይተላለፋል። ትርፉ ግልጽ ነው፤ በዋሽንግተን የሚኖር የላስታ ተወላጅ የአገሩን ዜማ በዩቲዩብ ይሰማል። ነገር ግን በደጃፍ የቆመው አዝያሚ በስልክ ተቀርጾ ዓለም ሁሉ ሲሰማው፥ ስሙ ካልተጻፈ ዋጋውም ምርቃቱም ባለቤት ያጣሉ።

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410 ለከዋኞችም መብት ሰጥቷል፤ በ2007 ዓ.ም.ም በአዋጅ ቁጥር 872 ተሻሽሏል። ሆኖም ሕግ የሚከተለው ስምን ነው፤ ስም የሌለውን ሰው ፈልጎ መክፈል አይቻልም።

ስለዚህ በየወረዳው በባህልና በማስታወቂያ ሥራ ላይ ያላችሁ ባልደረቦች፥ ድምፅ በምትቀርጹበት ጊዜ የአዝያሚውን ፈቃድ ጠይቁ፤ ስሙን፥ ቀበሌውንና ዓመተ ምሕረቱንም ከድምፁ ጋር መዝግቡ። ይህ የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው። አባቶቻችን ላሊበላውን ባዶ እጁን መስደድ ነውር ነው ይሉ ነበር፤ መሣሪያው ቢለወጥም ነውሩ አልተለወጠም።