«ኢትዮጵያ» የተባለችው የጦር መርከብ፤ አሠራርዋና የአገልግሎት ታሪክዋ

በጉለሌ የእጽዋት ማዕከል ኮረብታ ላይ ለቆመ ሰው ባሕር ሩቅ ነገር ነው። በዙሪያው ጽድና ባሕር ዛፍ፥ ከግርጌው ከተማው ይታያል፤ ባሕርን የሚያስታውስ ነገር ቢኖር የባሕር ዛፉ ስም ነው። ስለዚህ የደጋ ሰዎች ስለ ጦር መርከብ መጻፋችን ለአንባቢ እንግዳ ሳይመስል አይቀርም። ይሁን እንጂ የአገራችንን ስም ተሸክማ ሠላሳ ዓመት ያህል ያገለገለች መርከብ ነበረች። በዚህ አጭር ጥናት አሠራርዋንና አገልግሎትዋን እንመረምራለን፤ ዕድልዋም ከባሕሩ ይልቅ በየብስ ላይ በሆነው ነገር እንደ ተወሰነ ለማስረዳት እንሞክራለን። ዓመታቱ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የባሕር በር ጥያቄ ከመርከቢቱ እጅግ የቀደመ ነው። ምጽዋን ቱርኮች በ1557 ያዙ፤ በኋላም ወደ ግብፅ እጅ ገባች። አፄ ዮሐንስ ፬ኛ በ1884 ዓድዋ ላይ ከእንግሊዝና ከግብፅ ጋራ በተዋዋሉት ውል በምጽዋ በኩል ዕቃ ያለ ቀረጥ እንዲያልፍ መብት አገኙ። ነገር ግን ዓመት ሳይሞላ በ1885 ኢጣልያ ወደቡን ያዘች። ኤርትራ በ1952 በፌዴሬሽን ከኢትዮጵያ ጋራ በተዋሐደች ጊዜ ምጽዋና አሰብ ተገኙ፤ በ1955ም ባሕር ኃይል ተመሠረተ። ዋና ሰፈሩ ምጽዋ ሲሆን በማደራጀቱ ሥራ የኖርዌይ መኮንኖች ረድተዋል።

መርከቢቱ የተሠራችው በአሜሪካ፥ በዋሽንግተን ክፍለ ሀገር በምትገኘው በሃውተን ነው። ሥራው በሐምሌ 1942 ተጀምሮ በጥቅምት ውሃ ላይ ወረደች፤ በጥር 1944ም «ኦርካ» ተብላ አገልግሎት ጀመረች። ባርኔጋት ከሚባለው ዓይነት ከተፈጸሙት 35 መርከቦች አንዷ ናት። ርዝመትዋ 95 ሜትር ያህል፥ ወርድዋ 12 ሜትር ተኩል ያህል ነው። በናፍጣ ሞተር እየተነዳች በሰዓት 18 የባሕር ማይል ያህል ትጓዛለች።

የተሠራችበትም ምክንያት ልዩ ነው። እነዚህ መርከቦች በውሃ ላይ ለሚያርፉ አይሮፕላኖች እንደ እናት የሚያገለግሉ ነበሩ፤ ነዳጅ ይሰጣሉ፥ ይጠግናሉ፥ አብራሪዎቹን ያሳድራሉ። ስለዚህ በሆዳቸው 300,000 ሊትር ያህል የአይሮፕላን ቤንዚን የሚይዝ ቦታና ከመርከበኞቹ ሌላ ብዙ ሰው የሚያስተኛ ክፍል ተበጀላቸው። በትንንሽ ወደቦች ለመግባት እንዲመቻቸውም በውሃ ውስጥ የሚጠልቁት ከአራት ሜትር እምብዛም ሳያልፍ ነው። ኦርካም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊሊፒን ደሴቶች በሌይቴና በሊንጋየን ይህንኑ ሥራ ሠራች።

በጥር 1962 አሜሪካ ለኢትዮጵያ በውሰት ሰጠቻት፤ በ1976ም በግዢ የኢትዮጵያ ሆነች። ስምዋ «ኢትዮጵያ» ተባለ፤ የባሕር ኃይሉም ዋና መርከብና የዕጩ መኮንኖች መሠልጠኛ ሆነች። አንድ የ127 ሚሊሜትር መድፍና ጥቂት የ40 ሚሊሜትር መድፎች ይዛ ስለ ነበረ፥ ይህች ምን የጦር መርከብ ናት የሚል ሊኖር ይችላል። እኛ ግን ከመድፍዋ ይልቅ ስፋትዋን እናስቀድማለን። ለአይሮፕላን ሰዎች የተሠራው መኝታ ለተማሪዎች የሚስማማ ነበር። የደጋ ልጅ ኮከብ አይቶ መንገድ ማወቅን፥ ሞተር መጠበቅን፥ በማዕበል መካከል ተራ ጠብቆ መቆምን የሚማረው ተንሳፋፊ ትምህርት ቤት ሲኖረው ነው።

ሆኖም መርከቢቱ የደረሰችበትን ዓመት ልብ ማለት ይገባል። በኤርትራ የትጥቅ ትግል የተጀመረው በመስከረም 1961፥ እርስዋ ከመምጣትዋ ጥቂት ወራት ቀደም ብሎ ነው። እርስዋ በመጣችበት በ1962 ዓመት፥ በኅዳር ወር፥ ወደቡ የተገኘበት ፌዴሬሽን ፈረሰ። መርከቢቱና በኋላ ወደብዋን ያሳጣት ጦርነት እንግዲህ አብረው አደጉ ማለት ይቻላል። በየካቲት 1990 የኤርትራ ሕዝብ ነፃነት ግንባር ምጽዋን ያዘ። በግንቦት 1991 ጦርነቱ ሲያልቅ መርከቢቱ ወደ የመን ሸሸች፤ በዚያም ታግዳ ቆየች። ኤርትራ ነፃነትዋን ባወጀችበት በ1993 ለቁርጥራጭ ብረት ተሸጠች። ባሕር ኃይሉም በ1996 ተበተነ።

ከዚህ ታሪክ የምናገኘው ፍርድ ይህ ነው። ቅርፅዋ ለሥራዋ የተስማማ ነበር፤ ሰዎችም ተምረውባታል። ነገር ግን መርከብ ወደብ ያስፈልጋታል፤ ወደብም በዳርቻው ከሚኖረው ሕዝብ ጋራ የተደረገ ስምምነት ጸንቶ እስካለ ድረስ ነው የሚጸናው። በ2019 ባሕር ኃይሉን እንደ ገና ለማቋቋም ኢትዮጵያ ከፈረንሳይ ጋራ ስምምነት ተፈራርማ ነበር። ይህን የመሰለ አሳብ በተነሣ ቁጥር፥ መርከቡ ስንት መድፍ ይጭናል ከሚለው ጥያቄ በፊት ማታ ወዴት ይገባል የሚለው ቢጠየቅ መልካም ነው እንላለን። በእርስዋ ላይ ያገለገሉት መርከበኞች የሚያስታውሱትም ሳይጠፋ ተሰብስቦ ይጻፍ ዘንድ የሥራ ጓደኞቻችንን እናሳስባለን።