እንዶድ
እንዶድ በደጋና በወይና ደጋ አገር፣ በአጥር ዳርና በጫካ ጠርዝ፣ በሌላ ዛፍ ላይ እየተንጠላጠለ የሚያድግ ቁጥቋጦ ነው። አበባው ጥቃቅንና ነጣ ያለ ሲሆን በረጅም ዘንግ ላይ ተደርድሮ ይወጣል። ወንዴውና ሴቴው በየተክሉ የተለያየ ስለሆነ ፍሬው የሚለቀመው ከሴቴው ነው። ፍሬው ሲበስል ይቀላል፤ ባለሙያዪቱ ግን ገና አረንጓዴ ሳለ ለቅማ፣ አድርቃና ወቅጣ በውሃ ስትመታው እንደ ሳሙና አረፋ ያወጣል። ሳሙና በገበያ ከመለመዱ በፊት የእናቶቻችን ነጠላና የአባቶቻችን ኩታ የሚነጣው በዚሁ ነበር።

ይህ የአጣቢዎች ዕውቀት ወደ ሊቃውንት መዝገብ የገባው እጅግ ዘግይቶ ነው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1964 ዓ.ም. ዶክተር አክሊሉ ለማ በዐድዋ ስለ ቢልሃርዝያ በሽታ ሲመረምሩ፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ስፍራ በታች ብዙ ቀንድ አውጣ ሞቶ አገኙ። የበሽታው ትል ወደ ሰው ከመተላለፉ በፊት የሚያድገው በቀንድ አውጣ ሰውነት ውስጥ ነውና ነገሩ እንዲሁ የሚታለፍ አልነበረም። አረፋውን የሚሰጠው ሳፖኒን የተባለው ንጥረ ነገር ቀንድ አውጣውንም የሚገድል ሆኖ ተገኘ። ሆኖም መርዛማነቱ በዓለም አቀፍ ደንብ ሳይመረመር በሰፊው አይሠራበትም እየተባለ ብዙ ዓመት ቆየ። ዶክተር አክሊሉና የሥራ ባልደረባቸው ዶክተር ለገሰ ወልደ ዮሐንስ ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ሽልማት በ1989 ሲቀበሉ 25 ዓመት አልፎ ነበር። የዐድዋዎቹን አጣቢዎች ስም ግን እኔ ባነበብሁት ሁሉ አላገኘሁም።