ቅንጬ አረም በይፋት ቆላ

ቅንጬ አረም ወይም ፓርቴኒየም ከአሜሪካ አህጉር ሞቃት አካባቢዎች የመጣ፣ ቅጠሉ የተሰነጣጠቀ፣ አበባው ጥቃቅንና ነጭ የሆነ መጤ አረም ነው። በሰሜን ሸዋ የይፋት ቆላ፣ በሸዋ ሮቢት፣ በጀውሃና በዙሪያቸው፣ በመንገድ ዳር፣ በማሳና በመኖሪያ ግቢ ይበቅላል። ስማቸው ቢቀራረብም ከአቀንጭራ ጋር መምታታት የለበትም። አቀንጭራ የማሽላን ሥር እየመጠጠ የሚኖር ጥገኛ ነው፤ ቅንጬ ግን ራሱን ችሎ ይበቅላል።

ወደ ኢትዮጵያ ስለገባበት መንገድ ሁለት አባባሎች አሉ። አንዱ በኢትዮጵያና ሶማሊያ ጦርነት በወታደራዊ ተሽከርካሪዎች፣ ሌላው በድርቅ ዘመን ከእርዳታ እህል ጋር መጣ ይላል። ዘሩ በጎማ ጭቃ፣ በጎርፍና በከብት ኮቴ ስለሚጓዝ ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ በሚወስደው መንገድ ዳር መታየቱ አያስገርምም።

በግቢ ውስጥ መከላከል

ቅንጬ እርጥበት ካገኘ ወቅት አይመርጥም። በበልግና በክረምት ዝናብ ብቻ ሳይሆን የእጣቢ ውሃ በሚደፋበት ጥግ በበጋም ይበቅላል። ከበቀለ ከአንድ ወር ጥቂት አለፍ ሲል ያብባል፤ አንድ ትልቅ ተክል ከ15,000 በላይ ዘር ሊሰጥ ይችላል። ስለዚህ ዋናው ነገር ከማበቡ በፊት መንቀል ነው። ቅጠሉ መሬት ላይ ተነጥፎ ሳለ፣ አፈሩ ከዝናብ በኋላ ሲለሰልስ፣ ከነሥሩ ይወጣል። በማጭድ ማጨድ ግን ብዙም አይጠቅም፤ ከግንዱ ሥር እንደገና ያቆጠቁጣል። ያበበው ተነቅሎ ከተጣለ ዘሩ ሊበስል ስለሚችል ወደ ፍግ ጉድጓድ አይገባም፤ ደርቆ ይቃጠላል።

በባዶ እጅ መንቀል አይመከርም። በውስጡ ያለው ፓርቴኒን የተባለ ንጥረ ነገር ቆዳን ያሳክካል፣ ያቆስላል፤ የአበባው ብናኝም አስም ያስነሳል። ጓንት ባይኖር ፌስታል እጅ ላይ ማጥለቅ፣ አፍና አፍንጫንም በሻሽ መሸፈን ይቻላል። ላም ከበላችው ወተቷ ይመራል።

ባዶ የቀረ መሬት መልሶ ይወረራል። በገለባ ወይም በደረቅ ሣር ጠቅጥቆ መሸፈን፣ አለዚያም ቶሎ የሚሸፍን ተክል መዝራት ዘሩ እንዳይበቅል ያደርጋል።

ቱፎርዲ የተባለው ፀረ አረም ለጋ ቅንጬን ይገድላል፤ ነገር ግን በነፋስ ተወስዶ ቲማቲም፣ ፓፓያና ማሾም ያቃጥላል። ለጠባብ ግቢ ከመርጨት ይልቅ መንቀል ይሻላል።

እ.ኤ.አ. በ2016 የአረሙን ቅጠል የምትበላ ዚጎግራማ የተባለች ጥንዚዛ በወለንጪቲ አካባቢ ተለቃለች። በደረቁ ወራት አፈር ውስጥ ስለምትደበቅ የእጣቢ ጥጉን ቅንጬ የሚነቅለው አሁንም ባለቤቱ ነው።